የፑንጃብ የቤት ዶሮ ከሪ፦ ከቁሌቱ እስከ ጠለሉ

ሕንዶች ዶሮን በየክልላቸው ለየቅል ነው የሚሠሩት። ኬረላ ላይ በኮኮናት ወተትና በከሪ ቅጠል ይበስላል፤ ቤንጋል ላይ በሰናፍጭ ዘይት ተቁላልቶ ድንች ይገባበታል። ከዚህ በታች ያለው የፑንጃብና የዴልሂ ቤቶች ዶሮ ነው፤ መሠረቱ ቀይ ሽንኩርት፣ ቲማቲምና እርጎ የሆነ፣ ከነአጥንቱ የሚበስል፣ ክሬም የማይገባበት። ምግብ ቤት ውስጥ በቅቤና በክሬም ለስልሶ የሚቀርበው ቀይ ዶሮ ሌላ ምግብ ነው፣ አሠራሩም ሌላ።

ዶሮ ወጥ ለሚሠራ ሰው ይህ ምግብ ሩቅ አይደለም። ሁለቱም የሚቆሙት በቁሌቱ ነው። ቁሌቱ ሳይበስል ዶሮ የገባበት ከሪ የፈለገውን ያህል ቅመም ቢነሰነስበት ጥሬ ጥሬ ይላል። ግን እጅ በለመደው መንገድ ብቻ ከተሄደ የሚወጣው ከሪም ወጥም ያልሆነ ነገር ነው። መንገዱ የሚለይበት ቦታ ሁሉ ምክንያቱም አብሮ ተጽፏል።

የሚያስፈልገው (ለ5 ሰው)

ዶሮ፦ ቆዳው የተገፈፈ፣ ከነአጥንቱ 10 ወይም 12 ቦታ የተቆረጠ፣ ሲጸዳ 1.2 ኪሎ ገደማ።

መዘፍዘፊያ፦ 150 ግራም ወፍራም እርጎ፣ 1½ የሻይ ማንኪያ ጨው፣ ½ የሻይ ማንኪያ እርድ፣ 1 የሾርባ ማንኪያ የተወቀጠ ነጭ ሽንኩርትና ዝንጅብል።

ቁሌት፦ 75 ሚሊ ሊትር ዘይት (5 የሾርባ ማንኪያ)፣ 400 ግራም ቀይ ሽንኩርት፣ 300 ግራም የበሰለ ቲማቲም፣ 8 ፍንካች ነጭ ሽንኩርት፣ የአውራ ጣት የሚያህል ዝንጅብል፣ 2 ቃሪያ።

ሳይፈጭ የሚገባ ቅመም፦ 1 የሻይ ማንኪያ ከሙን፣ 5 ፍሬ ሄል፣ 4 ቅርንፉድ፣ 5 ሳንቲ ሜትር የሚሆን አንድ ስባሪ ቀረፋ።

የተፈጨ ቅመም፦ 1 የሾርባ ማንኪያ ድምብላል፣ 1 የሻይ ማንኪያ ከሙን፣ ½ የሻይ ማንኪያ እርድ፣ 2 የሻይ ማንኪያ የካሽሚር በርበሬ።

ማውጫ ላይ፦ 1 የሻይ ማንኪያ ጋራም ማሳላ (የሕንድ ቅመም ድብልቅ፣ አሠራሩ ከታች አለ)፣ 1 የሻይ ማንኪያ የደረቀ የአብሽ ቅጠል፣ አንድ እፍኝ የተከተፈ እርጥብ የድምብላል ቅጠል።

ከዚህ ሌላ 350 ሚሊ ሊትር የፈላ ውሃ፣ ለሽንኩርቱ ½ የሻይ ማንኪያ ጨው፣ እና ታቹ ወፍራም የሆነ ሰፊ ድስት። ታቹ ስስ የሆነ ድስት ሽንኩርቱን አንድ ቦታ ላይ ያሳርረዋል፤ ጠባብ ድስት ደግሞ እንፋሎቱን አፍኖ ሽንኩርቱ ከመጠበስ ይልቅ እንዲቀቀል ያደርገዋል።

ቅመሙ ላይ የሚፈጠረው ስህተት

አብዛኛው ቅመም መርካቶ ቅመም ተራ ይገኛል፤ ባሕረ ሰላጤው አገር ያለ ሰው ደግሞ ከሰፈር ባቃላ (ትንሽ ሱቅ) ሳይርቅ ሁሉንም ያገኛል። ችግሩ ማግኘቱ ላይ አይደለም፣ ስሙ ላይ ነው።

ከሙንና ነጭ አዝሙድ ይምታታሉ። የከሙን ፍሬ ረዘም፣ ቀጠን ያለና ቡናማ ነው። ነጭ አዝሙድ ከሱ ያነሰና ክብ ወደ መሆን የሚያደላ ሲሆን፣ ሲያሹት አፍንጫ የሚወጋ ሽታ አለው። ሕንዶችም ነጭ አዝሙድን ያውቁታል፣ ለቂጣና ለጥብስ ይጠቀሙበታል፤ እዚህ ዶሮ ውስጥ በከሙን ፈንታ ከገባ ግን ሌላውን ቅመም ሁሉ ይሸፍነዋል። ጥርጣሬ ካለ ሁለት ፍሬ በጣት አሽቶ ማሽተት ይበቃል።

ሄልና ኮረሪማም የተለያዩ ናቸው። ሄል ትንሽዬ አረንጓዴ ፍሬ ነው፣ ጠረኑ ጣፋጭና ቀላል። ኮረሪማ ትልቅና ቡናማ ነው፤ ጠረኑ የከበደ ስለሆነ ድስቱን ወዲያው ወደ ወጥ ይወስደዋል። ሄል ከጠፋ ኮረሪማ ከመተካት ያለሄል መሥራት ይሻላል።

የተዘጋጀ በርበሬ አይገባም። በርበሬያችን ራሱ ኮረሪማ፣ ነጭ ሽንኩርት፣ ጥቁር አዝሙድና ሌላም ብዙ ነገር ይዟል፤ በሕንዱ ቅመም ላይ ሲደረብ ሁለቱም ይጠፋፋሉ። የካሽሚር በርበሬ ዋና ሥራው ቀለም መስጠት ነው፣ ማቃጠሉ መለስተኛ ነው። ከሌለ ፓፕሪካ፣ ወይም ፍሬው ተራግፎ ብቻውን የተፈጨ ዛላ በርበሬ ይሆናል። ዛላው ኃይለኛ ከሆነ 1 የሻይ ማንኪያ ይበቃል።

የደረቀው የአብሽ ቅጠል በሕንድ ሱቆች «ካሱሪ ሜቲ» በሚል ስም ይሸጣል። የአብሽ ፍሬ አይተካውም፤ ፍሬው ይመራል። ቅጠሉ ካልተገኘ ይቅር።

የተገዛ ጋራም ማሳላ ቤት ውስጥ ከሚዘጋጀው ጋር አይወዳደርም። 1 የሾርባ ማንኪያ ከሙን፣ 1 የሾርባ ማንኪያ ድምብላል፣ 1 የሻይ ማንኪያ ቁንዶ በርበሬ፣ ½ የሻይ ማንኪያ ቅርንፉድ፣ 10 ፍሬ ሄል እና አንድ ስባሪ ቀረፋ በደረቅ መጥበሻ፣ በዝቅተኛ እሳት፣ ከ3 እስከ 4 ደቂቃ እያገላበጡ ያምሱ። ጠረኑ ሲወጣ ወዲያው ሳህን ላይ ይገልብጡት፤ መጥበሻው ላይ ከቆየ እሳቱ ቢጠፋም ማረሩን አያቆምም። ሲቀዘቅዝ ሩብ ፍሬ ገውዝ ጨምረው ይፍጩ። በደንብ በሚከደን ብልቃጥ ውስጥ ሁለት ወር ያህል ጠረኑን ይይዛል።

ዶሮውን ማዘጋጀት

ቆዳው መገፈፍ አለበት። ቆዳው ካልተገፈፈ እርጎውና ጨው ወደ ሥጋው አይደርሱም፤ ሲበስልም ይለሰልስና ስቡን ወጡ ላይ ይለቃል። ታፋውና እግሩ ላይ እስከ አጥንቱ የሚደርስ ሁለት ሁለት ስንጥቅ በቢላ ያውጡ።

በሎሚና በጨው ደጋግሞ ማጠብ፣ ሎሚ ውስጥ ማሳደር ለዶሮ ወጥ የኖረ ወግ ነው። ለዚህ ግን አይሆንም። ሎሚው የሥጋውን ላይ ላዩን ያጠነክረዋል፣ በላዩ እርጎና ቲማቲም ሲጨመር ደግሞ ኮምጣጣነቱ ይበዛል። ሎሚ ሳይነካው ማለፍ የሚከብደው ሰው ቶሎ አሸት አድርጎ በውሃ ያለቅልቀውና ያንጠፍጥፈው። ከዚያ በንጹሕ ጨርቅ ወይም በወረቀት ፎጣ ይደርቅ፤ ውሃ ያዘለ ዶሮ እርጎውን ያቀጥነዋል፣ የቀጠነ እርጎ ደግሞ ሥጋው ላይ አይይዝም።

እርጎውን በሹካ እስኪለሰልስ ይምቱ፣ ጨው፣ እርድና የተወቀጠውን ነጭ ሽንኩርትና ዝንጅብል ቀላቅለው ዶሮውን፣ ስንጥቁም ውስጥ ጭምር፣ ያሹት። ቢያንስ 1 ሰዓት ይቆይ። ማሳደር የፈለገ ፍሪጅ ውስጥ ያስቀምጠው፣ ከ12 ሰዓት አይለፍ፤ ከዚያ በላይ ሲቆይ ሥጋው ይልማል። ድስቱ ከመጣዱ 20 ደቂቃ በፊት ከፍሪጅ ይውጣ፣ ምክንያቱም ቀዝቃዛ እርጎ ትኩስ ድስት ውስጥ ሲገባ ነው የሚቋጠረው።

ሽንኩርቱ

የምግቡ ግማሽ ዕድል ያለው እዚህ ነው፤ ብዙ ሰው የሚቸኩለውም እዚሁ።

ሽንኩርቱ በቢላ ደቅቆ ይከተፍ። በብሌንደር የተፈጨ ሽንኩርት ውሃውን በአንዴ ይለቅና ይቀቀላል እንጂ አይጠበስም፣ መራራ ጣዕምም ያመጣል። እንደ ዶሮ ወጥ በደረቁም አይቁላላ። በደረቁ የተቁላላ ሽንኩርት ቀልጦ ይጣፍጣል፣ ለበርበሬ የሚስማማውም እሱ ነው። ከሪ የሚፈልገው ግን የተጠበሰ ሽንኩርት ጣዕም ነው፤ ያ ደግሞ ከመጀመሪያው ዘይት ይፈልጋል። ሽንኩርቱ ውስጥ ውሃ እስካለ ድረስ ሙቀቱ ከሚፈላ ውሃ አይበልጥም፤ ውሃው ሲያልቅ ነው ሙቀቱ ወደ ዘይቱ ደረጃ ከፍ ብሎ ሽንኩርቱ ቡናማ መሆን የሚጀምረው።

ዘይቱን በመካከለኛ እሳት ያግሉ። አንድ የከሙን ፍሬ ጣል ሲያደርጉበት ወዲያው አረፋ ከብቦት ከተንሳፈፈ ደርሷል። ከሙኑን፣ ሄሉን (በትንሹ ሰንጠቅ ተደርጎ)፣ ቅርንፉዱንና ቀረፋውን ይጨምሩ። ከ30 እስከ 40 ሴኮንድ ይበቃቸዋል። ከሙኑ ጥቁር ከሆነ ዘይቱንም ቅመሙንም ደፍቶ እንደገና መጀመር ነው፤ የአሁኑ ኪሳራ 5 ማንኪያ ዘይት ነው፣ በኋላ ግን ሙሉ ዶሮ ይሆናል።

ሽንኩርቱን ከ½ የሻይ ማንኪያ ጨው ጋር ይጨምሩ። ጨው ውሃውን ቶሎ እንዲለቅ ያደርገዋል። የመጀመሪያዎቹን 5 ደቂቃ እሳቱ ጠንከር ይበል፣ ከዚያ ወደ መካከለኛ ዝቅ ይደረግና ከ12 እስከ 15 ደቂቃ እየተማሰለ ይቆይ። መጀመሪያ ይላላል፣ ቀጥሎ ጠርዙ ወርቃማ ይሆናል። ብዙዎች እዚህ ላይ ያቆማሉ፤ ገና ነው። እስከ በሰለ ቴምር ቀለም መሄድ አለበት፤ ቡናማ፣ ቀላ ያለ፣ በማማሰያው ሲጫኑት የሚፈርስ። ድስቱ ታች ላይ ቡናማ ነገር ከያዘ 1 የሾርባ ማንኪያ ውሃ ጠብ አድርገው ይፋቁት፤ ያ ጣዕም ነው፣ ጥቁር እስካልሆነ ድረስ። አንዳንዱ ሽንኩርት ጠቁሮ ሌላው ነጭ ከሆነ አከታተፉ አልተስተካከለም ማለት ነው።

ቅመምና ቲማቲም

የቁሌቱን ነጭ ሽንኩርትና ዝንጅብል ወቅጠው፣ ከተሰነጠቀው ቃሪያ ጋር ይጨምሩና 1 ደቂቃ ተኩል ያማስሉ። የጥሬ ነጭ ሽንኩርት ሽታ እስኪጠፋ ብቻ ነው። ነጭ ሽንኩርት በፍጥነት ያራል፣ ያረረ እንደሆነ ምሬቱ በምንም አይመለስም።

አሁን እሳቱን ዝቅ ያድርጉ። የተፈጨውን ድምብላል፣ ከሙን፣ እርድና በርበሬ አስቀድመው በ3 የሾርባ ማንኪያ ውሃ በጥብጠው ይጨምሩት። ደረቅ ዱቄት በጋለ ዘይት ላይ በሴኮንዶች ውስጥ ያራል፤ በውሃ የተበጠበጠ ግን ውሃው እስኪያልቅ ጊዜ ያገኛል፣ እኩልም ይዳረሳል። 1 ደቂቃ ይማሰል።

ቲማቲሙ ተልጦና ደቅቆ ወይም ተፍጭቶ ይግባ። እሳቱን ወደ መካከለኛ መልሰው ከ8 እስከ 10 ደቂቃ ያቁላሉት። ሕንዶች ይህን ሥራ «ቡንና» ይሉታል፤ ማቁላላታችን ማለት ነው። ሰዓቱን ሳይሆን ድስቱን ይመልከቱ። መጀመሪያ ቲማቲሙ ይፈናጠቃል፣ ድምፁም የሚፈላ ውሃ ድምፅ ነው። ውሃው እያለቀ ሲሄድ ድምፁ ይለወጥና ቀጭን የጥብስ ድምፅ ይሆናል። ቁሌቱ ተሰብስቦ ማማሰያውን ተከትሎ መዞር ይጀምራል። በማማሰያው ታቹን ሲሰነጥቁት መንገዱ ለአፍታ ክፍት ሆኖ ይቆያል፣ ከዳር ዳሩ ቀይ ዘይት ይወጣል። ጠለል ሲል ማለት ይኸው ነው። ዘይቱ እስካልወጣ ድረስ ዶሮው አይገባም።

ከ12 ደቂቃ በኋላም ዘይት ካልታየ ወይ ዘይቱ ከመጀመሪያው አንሷል፣ ወይ ቲማቲሙ ውሃ የበዛበት ነው። የመጀመሪያው ከሆነ 1 የሾርባ ማንኪያ ዘይት ይጨመር፤ ሁለተኛው ከሆነ ትዕግሥት ብቻ ነው መድኃኒቱ። ያልበሰለ አረንጓዴ አመል ያለው ቲማቲም ከሪውን ያኮመጥጠዋል፤ እንደዚያ ያለ ብቻ ከተገኘ መጠኑን ወደ 200 ግራም ዝቅ አድርጎ 1 የሾርባ ማንኪያ የቲማቲም ድልህ መጨመር ይሻላል።

ዶሮው ሲገባ

የዶሮውን ሥጋ ከእርጎው አንስተው ይጨምሩ፤ ሳህኑ ላይ የቀረውን እርጎ ለጊዜው ያቆዩት። የደረት ሥጋው ከሌላው ቶሎ ስለሚበስል ለብቻው ይቀመጥና 10 ደቂቃ ዘግይቶ ይግባ፤ አብሮ ከገባ ታፋው ሲደርስ እሱ ደርቆ ክር ክር ይሆናል።

እሳቱን ጠንከር አድርገው 5 ደቂቃ ያገላብጡ፣ ሥጋው ከውጭ እስኪነጣና ቁሌቱ እስኪለብሰው። ከዚያ እሳቱን ዝቅ አድርገው የቀረውን እርጎ በማንኪያ በማንኪያ፣ እያማሰሉ ይጨምሩ። በአንድ ጊዜ የተደፋ እርጎ ነጭ ነጭ ፍርፋሪ ይሆናል። ስስ ወይም ስቡ የወጣለት እርጎ ይበልጥ ይቋጠራል፤ እንደዚያ ዓይነት ከሆነ 1 የሻይ ማንኪያ የሽምብራ ዱቄት አስቀድሞ አብሮ መምታት ያጸናዋል። ሌላ 4 ወይም 5 ደቂቃ ሲቆይ የእርጎው ውሃ ያልቅና ዘይቱ ዳር ዳሩን እንደገና ይታያል።

የፈላውን 350 ሚሊ ሊትር ውሃ አሁን ይጨምሩ። ቀዝቃዛ ውሃ ድስቱን ያቀዘቅዘዋል፣ መፍላቱም ይዘገያል። አንዴ ሲፈላ እሳቱን ዝቅ አድርገው ይክደኑት፤ ቀስ ብሎ ይንተክተክ። የፈረንጅ ዶሮ ከ25 እስከ 30 ደቂቃ ይበቃዋል። አዲስ አበባ ከፍታዋ ከባሕር ጠለል 2,300 ሜትር በላይ በመሆኑ ውሃ የሚፈላው በ92 ዲግሪ ሴንቲግሬድ አካባቢ ነው፤ ስለዚህ እዚያ ከ5 እስከ 10 ደቂቃ መጨመር ይገባል። የሐበሻ ዶሮ ግን ሌላ ነገር ነው፤ እንደ ዕድሜው አንድ ሰዓትና ከዚያ በላይ ይፈልጋል፣ ውሃውም ወደ 600 ሚሊ ሊትር ከፍ ይላል። ጣዕሙ ግን ለልፋቱ ይበቃል፣ አጥንቱ የሚሰጠው መረቅ ከፈረንጁ ጋር አይገናኝም።

መብሰሉን ለማወቅ ታፋውን አጥንቱ አጠገብ በቢላ ይውጉት፤ የሚወጣው ፈሳሽ ጥርት ያለ መሆን አለበት። የሥጋ ቴርሞሜትር ያለው ሰው 74 ዲግሪን ይጠብቅ።

ክዳኑን ያንሱ። ለሩዝ ከሆነ መረቁ የማንኪያውን ጀርባ ስስ አድርጎ የሚሸፍን ይሁን። ለእንጀራ ከሆነ ሌላ 6 ወይም 7 ደቂቃ ሳይከደን ፈልቶ ይወፍር፣ አለዚያ እንጀራውን አልፎ ይፈሳል። ጋራም ማሳላውን ይነስንሱ፣ የአብሽ ቅጠሉን በመዳፍ መካከል ፍትግ ፍትግ አድርገው ይጨምሩ፣ 2 ደቂቃ ቆይቶ ይውረድ። ጋራም ማሳላ መጀመሪያ ላይ ከገባ ጠረኑ ከእንፋሎቱ ጋር ሄዶ ያልቃል። የድምብላል ቅጠሉ ድስቱ ከወረደ በኋላ ነው። ተከድኖ 15 ደቂቃ ይረፍ፤ ዘይቱ ወደ ላይ ይወጣል፣ መረቁ ሥጋው ውስጥ ይገባል፣ ጨውም በትክክል የሚቀመሰው ያኔ ነው።

ሳይሆን ሲቀር

ቀጥኖ ከሆነ ዱቄት አይጨመርበት፤ ዶሮውን አውጥቶ መረቁን ብቻውን በጠንካራ እሳት 8 ደቂቃ ማፍላት ነው። ዶሮው ሳይወጣ ከፈላ ሥጋው ይበተናል።

ከኮመጠጠ ½ የሻይ ማንኪያ ስኳር ይበቃል። ከዚያ በላይ አያስፈልግም፣ ጣፋጭ ከሪ ይሆናል።

ጨው ከበዛ፣ ድንች ጣል ማድረግ የሚባለው መድኃኒት ብዙም አይረዳም፤ ድንቹ የሚወስደው መረቁን ነው፣ የቀረው ያንኑ ያህል ጨዋማ ነው። ጨው የሌለው የተቁላላ ቲማቲምና ውሃ ጨምሮ መረቁን ማብዛት ይሻላል።

መረቁ አፍ ላይ አሸዋ አሸዋ ካለ፣ የጥሬ ድምብላል ጣዕምም ካለው፣ ቅመሙ አልተቁላላም። ትንሽ ዘይት በሌላ መጥበሻ አግሎ አንድ ጭልፋ መረቅ እዚያ ላይ እስኪጠልል አቁላልቶ መመለስ ከፊሉን ያድነዋል። ከመረረ ግን ማዳኛ የለውም፤ ያረረ ነገር አለ ማለት ነው።

ሩዙ

2 ኩባያ ባስማቲ ውሃው እስኪጠራ ይታጠብና 30 ደቂቃ ይዘፍዘፍ። ጨው ባለበት ብዙ የፈላ ውሃ ውስጥ ከ7 እስከ 8 ደቂቃ ቀቅለው፣ ፍሬው በጣት ሲጫኑት መሐሉ ላይ ትንሽ ጥንካሬ እንደቀረው በማጥለያ ያጥልሉት፣ ወደ ድስቱ መልሰው በጣም ዝቅተኛ እሳት ላይ 5 ደቂቃ ይክደኑት። ከጎን ቀጭን ቀለበት ሆኖ የተቆረጠ ቀይ ሽንኩርት ከጨውና ከሎሚ ጋር ይቅረብ፤ ሎሚው ቦታው እዚህ ነው።

የተረፈው በ2 ሰዓት ውስጥ ፍሪጅ ይግባ፣ ሦስት ቀን ይቆያል። ሲሞቅ 3 የሾርባ ማንኪያ ውሃ ጨምሮ እስኪፈላ ማድረስ ያስፈልጋል፣ የሚበላውን ያህል ብቻ እየወሰዱ። ሄሉ፣ ቅርንፉዱና ቀረፋው ሳህን ላይ እንዳይመጡ ሲጨለፍ ተለቅመው ይውጡ፣ በተለይ ልጆች ካሉ።